የግራ ትከሻዬ ጉዳይ

ጥቅምት 24 ቀን 1974

ይህን ደብተር ከመሥሪያ ቤት የሰጡኝ ለውይይት ክበብ ማስታወሻ እንዲሆነኝ ነው። ሽፋኑ ላይ «የማርክሲዝም ሌኒኒዝም ጥናት» ብዬ በትልቁ ጽፌበታለሁ። እንዲህ የሚል ደብተር ሳይታዘዝ የሚገልጥ ሰው በመሥሪያ ቤታችን የለም። እናቴም ሽፋኑን ስታይ ታማትባለች እንጂ አትነካውም። ስለዚህ እዚህ ውስጥ እውነቱን መጻፍ እችላለሁ።

እውነቱም ይኸው። እኔ እጅጋየሁ፣ የሃያ ስምንት ዓመት ታይፒስት፣ ከእሑድ በቀር በየማለዳው ቀሐ ወንዝ ወርጄ እዋኛለሁ። አባቴ፣ ነፍሱን ይማረውና፣ መርጌታ ሆኖ ጎርጎራ ሲያገለግል ያደግሁት ጣና ዳር ነው፤ ዋናውን ያኔ ለመድሁት። ከፋሲል መዋኛ በታች ወንዙ ታጥፎ ውሃ የሚያቆርበት ጥልቅ ቦታ አለ። ከዳር ዳር ሃያ ሜትር ቢሆን ነው። አርባ ጊዜ እመላለሰዋለሁ።

ለእናቴ «የማለዳ ውይይት አለብን» እላታለሁ። ለመሥሪያ ቤት ደግሞ «እናቴን ማለዳ ማለዳ ያማታል፤ እሷን አስታምሜ ነው የምመጣው» ብዬ ከማለዳው ውይይት አስፈቅጃለሁ። እናቴ ወለተሩፋኤል በዕድሜዋ ራስ ምታት ይዟት አያውቅም። ሁለት ውሸት ነው። ግን አንዱ ሌላውን ስለሚደግፍ እንደ አንድ እቆጥረዋለሁ።

ዛሬ ሠላሳኛው ምልልስ ላይ ግራ ትከሻዬን አንድ ነገር ወጋኝ። ብርድ ይሆናል።

ጥቅምት 27፣ ዓርብ

ብርድ አይደለም።

ዓርብ ከሰዓት በኋላ እንደተለመደው ጠቅላላ ስብሰባ ነበር። ሲያበቃ መፈክር፣ ሁሉም ቆሞ ግራ እጁን ጨብጦ ወደ ላይ። የኔ እጅ ጆሮዬ ድረስ ሄዶ ቆመ። አልወጣም አለ። ኢምፔሪያሊዝምን በቀኝ እጄ አወደምሁት።

ጓድ ሀብቴ አዩኝ። የፖለቲካ ጉዳይ ኃላፊያችን ናቸው። ሙሉ ስማቸው ሀብተሥላሴ ነው፤ ሥላሴን ከአብዮቱ ወዲህ አይጠሩትም።

«ጓድ እጅጋየሁ፣ ቀኝዎን ነው ያነሱት?»

«ግራውን አሞኝ ነው፣ ጓድ።»

«ግራው ብቻ ነው የሚያምዎት?»

ሰው ሳቀ። እኔም ሳቅሁ። የማያስቅ መሆኑ የገባኝ ቤቴ ከደረስሁ በኋላ ነው።

ኅዳር 1

ዋኘሁ። አልነበረብኝም። በቀኜ ብቻ ስቀዝፍ ዞሬ ዞሬ የተነሳሁበት ድንጋይ ላይ ደረስሁ። ከዚያ በሁለቱም ዋኘሁ። ሞኝ ነኝ።

ኅዳር 4፣ ዓርብ

ይመኙሽ አብራኝ የምትተይብ ናት፤ ጠረጴዛችን ጎን ለጎን ነው። የመፈክሩ ሰዓት ሲደርስ ከኋላዬ ቆማ ክርኔን በመዳፏ ወደ ላይ ገፋችው። እጄ ወጣ። ዓይኔም እንባ ሞላ። መድረኩ ላይ የነበሩት እንግዳ በስሜት ያለቀስሁ መስሏቸው አጨበጨቡልኝ። ጓድ ሀብቴ ግን አላጨበጨቡም። ማስታወሻቸው ላይ አንድ ነገር ጻፉ።

በኋላ ኮሪደር ላይ አንዱ ለሌላው «የከበዳት ትከሻዋ አይደለም» ሲል ሰማሁ። ሌላው «ይርገዱም እንዲሁ ነበር የጀመራት» አለ። ይርገዱ የግምጃ ቤታችን ሠራተኛ ነበረች። ለአንድ ዓመት ዘመቻ ተብላ ቆላ ተላከች፤ አሁን ሁለተኛ ዓመቷን ይዛለች። እሷ ወንድሞች አሏት። እኔ ለእናቴ ብቸኛ ነኝ።

ኅዳር 6፣ እሑድ

ከቅዳሴ መልስ ነጠላዬን ማጣፋት አቅቶኝ እናቴ አየችኝ።

«ምነው ልጄ?»

«ትከሻዬን አሞኛል።»

አስቀምጣ በለጋ ቅቤ ታሸኝ ጀመር። የእናቴ እጅ ሲያሽ አይራራም።

«ቡጢ ማንሳቱ ነው ይህን ያመጣብሽ» አለች። «አባትሽ ሠላሳ ዓመት መቋሚያ ይዞ ሲያሸበሽብ ትከሻዬን ብሎ አያውቅም። እናንተ ምንም ያልበደላችሁን አየር በማለዳ ተነሥታችሁ ትደበድባላችሁ።»

አልዋሸኋትም። ትከሻዬን አዙሬ ሰጠኋት ብቻ።

ኅዳር 8፣ ማክሰኞ

ሆስፒታል ሄድሁ። ፊዚዮቴራፒ ወደሚባለው ክፍል ላኩኝ። ባለሙያው ዳኛው ይባላል። ሠላሳ ሁለት፣ ሠላሳ ሦስት ዓመት ቢሆነው ነው። ቀለበት የለውም። ይህን የምጽፈው ሁሉንም በዝርዝር ለመያዝ ያህል ነው።

«ምን ሲሠሩ ነው የሚያምዎት?» አለኝ።

«ስተይብ።»

ክንዴን ይዞ ቀስ እያለ ወደ ጎን አነሣው። ከትከሻዬ ከፍ ሲል ትንፋሼ ተቆረጠ። አውራ ጣቴን ወደ መሬት አስደፍቶ ክንዴን ጫን አለው፤ ጉልበት ከዳኝ።

«ታይፕ አይደለም» አለ።

«እንስራም እሸከማለሁ።»

«እንስራ የሚጎዳው ወገብ ነው።»

«ልብስ አሰጣለሁ። ገመዱ ከፍ ያለ ነው።»

«በቀን ስንት ሺህ ልብስ ያሰጣሉ?»

 ክንዴን ወደ ቦታው መለሰው፤ እንደ ዕንቁላል ነው የያዘው።

«ቡልጋሪያ ስማር እንዲህ ያለ ትከሻ ብዙ አይቻለሁ» አለ። «አዘውትረው የሚዋኙ ሰዎች ትከሻ ነው። የቸገረኝ ጎንደር ላይ ማን ይዋኛል የሚለው ነው።»

ወለሉን አየሁ። ንጹሕ ወለል ነበር።

«በቀን ምን ያህል?» አለ።

«አርባ ምልልስ።»

«የሚተነፍሱት በየት በኩል ነው?»

«በቀኝ ብቻ።»

እንዲህ ያለ ጥያቄ የጠየቀኝ ሰው የለም። እንዴት እንደምዋኝ ለሰው ተናግሬ አላውቅም ነበርና ለሩብ ሰዓት ያህል ሳላቋርጥ አወራሁለት። እሱም አስረዳኝ። ክንድ ከፍ ባለ ቁጥር የትከሻው ጅማት በአጥንቱ ሥር እየታሸ ያልፋል፤ ሺህ ጊዜ ሲደጋገም ያብጥና ይቆጣል፤ ሲያብጥ ደግሞ መተላለፊያው ይጠበዋል። በቀኝ ብቻ ስለምተነፍስ ሸክሙ ሁሉ ግራዬ ላይ ወድቋል።

«ተቆጥቷል ነው የሚሉኝ?»

«ክፉኛ ተቆጥቷል። ስድስት ሳምንት አይዋኙ። በረዶ ካላገኙ በቀዝቃዛ ጨርቅ ይያዙት። በግራ ጎንዎ አይተኙ።» ከዚያ ከመኪና ከመነዳሪ የተቆረጠ የጎማ ጥብጣብ ሰጠኝ፤ በር እጀታ ላይ ታስሮ የሚጎተት። ማክሰኞና ሐሙስ እንድመለስም ቀጠረኝ።

ኅዳር 11

ትናንት ውሃው ውስጥ ቆምሁ ብቻ።

እሺ፣ ዐሥር ምልልስ ዋኘሁ። ለዳኛው አልነገርሁትም። እሱ ግን ክንዴን እንዳነሣ «ስንት ምልልስ?» አለኝ። ሁለተኛ አልገባም።

እናቴ ጎማውን ስጎትት አይታ «በሩ ምን አደረገሽ?» አለችኝ።

ኅዳር 14

ጉድ ፈላ። ጓድ ሀብቴ በስብሰባ ላይ፦ «የጓድ እጅጋየሁ እናት ለረጅም ጊዜ ታመው አንድም ቀን አለመጠየቃችን ያሳፍራል። ረቡዕ ከሥራ በኋላ እንሄዳለን።» ብርቱካንና ስኳር ሊገዛ ነው። ዛሬ ለእናቴ መንገር አለብኝ። ዛሬ።

ኅዳር 15

አልነገርኋትም። ጾም የሚያዝበት ቀን ነው፤ ጥሩ ቀን አልመሰለኝም።

ኅዳር 16፣ ረቡዕ

ስድስት ሆነን ሄድን። መንገዱን ሁሉ እናቴ ጎረቤት በሄደች እያልሁ ስጸልይ ነበር። በራችን ላይ ስንደርስ ከግቢው ውስጥ የመጥረቢያ ድምፅ ይሰማል። እናቴ ነጠላዋን ወገቧ ላይ አስራ የባሕር ዛፍ ግንድ ትፈልጣለች። አንዱ ፍላጭ ተወርውሮ ጓድ ሀብቴ እግር ሥር ወደቀ።

ጓድ ሀብቴ ፍላጩን አዩ፤ እናቴን አዩ፤ በመጨረሻ እኔን አዩኝ።

«እማማ፣ እንደምን ነዎት? ማለዳ ማለዳ ያምዎታል ሲሉን ልንጠይቅዎት መጥተን ነበር።»

እናቴ አንድ ጊዜ ብቻ ዓይኔን አየችው። ያን ጊዜ ሕይወቴን ሙሉ ያደረግሁትን ያየች መሰለኝ። መጥረቢያውን ቀስ ብላ አጋደመችና እጇን ወገቧ ላይ አድርጋ ግንዱ ላይ ተቀመጠች።

«የኔ ልጆች፣ እግዜር ያክብራችሁ» አለች። ድምፅዋ እንኳ ተለወጠ። «የኔ ሕመም ማለዳ ማለዳ ነው። ከንጋት ጀምሮ ጠፍንጎ ይይዘኝና ፀሐይ ሞቅ ሲል ይለቀኛል። ከለቀቀኝ ደግሞ እንዲህ ላብ እስኪያጠምቀኝ ካልሠራሁ በነጋታው ይብስብኛል። ይቺ ልጅ ባትኖር አልቆልኝ ነበር።»

«ሐኪም ምን አለ?»

«ሐኪም ምን ያውቃል? ይቺው ናት ሐኪሜ። ማለዳ ከአጠገቤ ከራቀች አይለቀኝም።»

ይመኙሽ ሳቋን ለመደበቅ ብርቱካኑን ይዛ ወደ ጓዳ ገባች። ጓድ ሀብቴ ግንዱ ላይ አጠገቧ ተቀመጡ። የእናታቸውን ሕመም አጫወቷት፤ እሷም ምሳ በልተው እንደሆነ ጠየቀቻቸው፤ ቆሎ አቀረበች። አንድ ሰዓት ቆዩ። ሲወጡ «ሸጋ ሰው ነው፤ እናት የሚወድ» አለች።

በሩ ሲዘጋ ድምፅዋ ወደ ቦታው ተመለሰ።

«አሁን ተናገሪ።»

ሁሉንም ነገርኋት። ወንዙን፣ አርባውን ምልልስ፣ ትከሻዬን። ስትሰማኝ አልደነቃትም።

«ከውይይት ስትመለሺ ጸጉርሽ ይንጠባጠባል» አለች። «አብዮቱ ሰው ያጥባል እንዴ?»

«ታውቂ ነበር? ታዲያ ለምን ዝም አልሽ?»

«የባሰ መስሎኝ ነዋ። ከሰው ቤት ታጥበሽ የምትመጪ መስሎኝ ሁለት ዓመት ስለት ስሳል ኖርሁ።» ቆሎውን ሰብስባ ስታበቃ ጨመረች፦ «ለንስሐ አባቴ ይህን ውሸት መናገሬ ነው። ስግደት ያዘኛል። ግማሹን አንቺ ትሰግጃለሽ።»

«ትከሻዬ?»

«ሲድን። እቈጥርልሻለሁ።»

ኅዳር 18፣ ዓርብ

«የእናትዎን ጉዳይ አየን» አሉኝ ጓድ ሀብቴ በሰው ፊት። «የእጅዎን ጉዳይ ደግሞ በሚቀጥለው ዓርብ በሂስና ግለ ሂስ ፕሮግራም እናያለን። የሐኪም ወረቀት ይዘው ይምጡ። ምክንያቱ ተጽፎ።»

ምክንያቱ! ምክንያቱ ከተጻፈ ማለዳዬ የት እንደሚያልፍ ይታወቃል። የእናቴ ሕመምም፣ የእናቴ ምስክርነትም አብሮ ይሄዳል። እሷን ውሸታም አስባልሁ።

ቆላው እንዴት ይሞቃል ይሆን?

ኅዳር 22፣ ማክሰኞ

ዳኛውን «ከታይፕ ሥራ የመጣ ነው ብለህ ጻፍልኝ» አልሁት። «አንተ» ማለቴን ያወቅሁት ካልሁት በኋላ ነው።

«የማላምንበትን አልፈርምም» አለ።

«ላንተ ቀለም ነው፤ ለኔ አንድ ዓመት ቆላ ነው።»

«ገብቶኛል። አልፈርምም።»

ጎማውን ጠረጴዛው ላይ ወርውሬለት ልወጣ ተነሣሁ። በር ላይ ስደርስ ጠራኝ።

«እጅጋየሁ፣ ተመለሺ። ቆይ፤ እውነቱን ብጽፍልሽስ?»

ቁጭ ብሎ ጻፈና አሳየኝ። ሁለት ጊዜ አነበብሁት። አንድም ውሸት የለበትም። እሱ ሳቀ፤ እኔ ግን ከመሳቄ በፊት «ተመለሺ» ማለቱን ነበር የማስበው። አንቺ ያለኝ ዛሬ መጀመሪያው ነው።

ኅዳር 25፣ ዓርብ

ተራዬ ደረሰ። ቆሜ ወረቀቱን ሰጠሁ። ጓድ ሀብቴ ጮክ ብለው አነበቡት፦

«ታካሚዋ ክንዷን ከትከሻ በላይ ደጋግማ በማንሣቷ የተነሣ የግራ ትከሻዋ ጅማት ተቆጥቷል። ለስድስት ሳምንት ክንዷን ከትከሻዋ በላይ እንዳታነሣ።»

 ጡረታቸው የደረሰው አቶ ሐዲስ ከኋላ በቀስታ «በአንድ ዓርብ ስንት ጊዜ ነው የምናነሣው?» አሉ። አንዱ ሃያ፣ አንዱ ሠላሳ አለ። ሌላው የራሱን ትከሻ መዳበስ ጀመረ። አትክልተኛው ግን የኔስ የጥርስ ሕመም ነው አለ፤ አጋጣሚውን እንዳያልፈው ብሎ ይመስለኛል።

ጓድ ሀብቴ ወረቀቱን እንደገና ለብቻቸው አነበቡት። በቀኝ እጃቸው ብቻ እያገላበጡ አጣጠፉት፤ ግራው ኪሳቸው ውስጥ ነበር።

«ይህ ዳኛው የተባለው ሰው የት ክፍል ነው የሚሠራው?»

ነገርኋቸው። ጻፉት። መፈክር ሳይባል ስብሰባው ተበተነ። እንዲህ ሆኖ አያውቅም።

ኅዳር 27፣ እሑድ

ቅዳሴው አንድ ቃል ሳይገባኝ አለቀ። የዳኛውን ስም ጻፉት። ሰውየው የማላምንበትን አልፈርምም ብሎኝ ነበር፤ እኔ ነኝ ያባበልሁት። መፈክር ሰው ያሳምማል ብሎ የጻፈ ሐኪም ምን ይደረጋል? እኔ ለመዋኘት ብዬ እናቴን አስዋሸሁ፣ አሁን ደግሞ ይህን ሰው አደጋ ላይ ጣልሁ። ገላዬን በጣሳ ብታጠብ ምን ነበረበት?

ትከሻዬ ዛሬ አላመመኝም። ልብ ያልሁት አሁን ስጽፍ ነው።

ኅዳር 29፣ ማክሰኞ

ላስጠነቅቀው ከቀጠሮዬ አንድ ሰዓት ቀድሜ ሮጥሁ። ከመጋረጃው በስተጀርባ ዳኛው ሲቈጥር ይሰማል፦ «ሰባት፣ ስምንት…» መጋረጃውን ገለጥሁት።

ጓድ ሀብቴ ኮታቸውን አውልቀው ቆመዋል። በመስኮቱ ብረት ላይ የታሰረ የከመነዳሪ ጥብጣብ በግራ እጃቸው ይጎትታሉ።

«ጓድ እጅጋየሁ» አሉ።

«ጓድ ሀብቴ» አልሁ።

 ዳኛው ግን «ዐሥር አልሞላም» አላቸው። ሞሉት። ከዚያ ተቀምጠው ላባቸውን ጠረጉ።

«አራት ወር ሆነኝ» አሉ ወለሉን እያዩ። «በሳምንት አምስት መሥሪያ ቤት ነው መፈክር የማስይዘው። ሸሚዜን የምታለብሰኝ ባለቤቴ ናት።»

«ታዲያ ለምን ሳይታከሙ ቆዩ?»

«ምን አሳመመህ ሲሉኝ ምን እላለሁ? ወረቀትዎን ሳይ ነው የሚጻፍ ቃል መኖሩን ያወቅሁት።» ቀና ብለው ተመለከቱኝ። «የእርስዎ ግን ገረመኝ፤ እንደ እኔ በሳምንት አምስቴ አያነሡም። በዓርብ ብቻ ይህን ያህል ተጎዱ?»

«ጅማቴ ስስ ነው» አልሁ።

ዳኛው ሳል ያዘው። ወደ መስኮቱ ዞሮ ብዙ ሳለ።

ጓድ ሀብቴ ኮታቸውን ሊለብሱ ተነሡ። «እኔን እዚህ አላዩኝም» አሉ።

«እርስዎም እኔን ስለ ትከሻዬ ሌላ አይጠይቁኝም» አልሁ። ከየት እንዳመጣሁት አላውቅም። ኮታቸውን ስይዝላቸው ግራ እጃቸውን አስቀድመው አስገቡ፤ ዳኛው ያስተማራቸው ነው።

ታኅሣሥ 2፣ ዓርብ

አዲስ መመሪያ፦ መፈክር ከዛሬ ጀምሮ ተቀምጦ፣ በድምፅ ብቻ። ጓድ ሀብቴ «እጅ ለምርት ነው» ብለው አስረዱ። አቶ ሐዲስ ተነሥተው አጨበጨቡ፤ እጃቸው ከደረታቸው አልበለጠም።

ታኅሣሥ 20

ስድስት ሳምንቴ ሞላ። ዳኛው «እንዴት ነው?» ሲለኝ «ትንሽ ይወጋኛል» አልሁት። ይወጋኛል። ትንሽ ነው፤ ግን ሕመም ችላ አይባልም። ሐሙስ ቀጠረኝ።

ታኅሣሥ 27

አሁንም ትንሽ።

ጥር 4

ይመኙሽ «ስድስት ሳምንት አላለም ነበር?» አለችኝ። የሰው ሁሉ ገላ አንድ አይደለም አልኋት። እሷም «አዲስ ቀሚስ ነው የለበስሽው» አለች። ምን አገናኘው?

ወንዜም ቢሆን ለጥምቀት ወደ ፋሲል መዋኛ ስለተሳበ ከጉልበት አያልፍም። መዳን የሚያስቸኩል ነገር የለም።

ጥር 18፣ ማክሰኞ

«እጅሽን አንሺ» አለኝ ዳኛው። አነሣሁ። «እስከ መጨረሻው።» እስከ መጨረሻው ወጣ።

«ትከሻሽ ከታኅሣሥ ሃያ ጀምሮ ድኗል» አለ።

«ካወቅህ ለምን ቀጠሮ ትሰጠኝ ነበር?»

«ከዳነ ለምን ይወጋኛል ትዪ ነበር?»

ሁለታችንም ካርዴን ስናይ ቆየን። ከዚያ እሱ እንደ ሐኪም ሆኖ፣ አዋዋኜን ካላየ በሽታው ተመልሶ እንደሚመጣ አስረዳኝ። ለሙያው ሲል ነው። ሐሙስ ማለዳ ቀሐ ይወርዳል።

ጥር 20፣ ሐሙስ

ውሃው ተመልሷል። እናቴ ካልሄድሁ አለች፤ ልብስሽን ማን ይጠብቃል ብላ። ድንጋይ ላይ ተቀምጣ ዳዊቷን ስትደግም ዳኛው ጫማውን በእጁ ይዞ መጣ።

እኔ ገባሁ። እሱ ከዳር ቆሞ «ክርንሽን ከፍ አድርጊ፤ መዳፍሽን ሰፋ አድርገሽ አስገቢ፤ በግራም ተንፍሺ» ይለኛል። እንዳለኝ አደረግሁ። ክንዴ ያለ ሕመም ዞረ። ከሁለት ወር በላይ ምን እንደናፈቀኝ ያኔ ነው ያወቅሁት።

በግራ ስተነፍስ ጆሮዬ ወደ ዳር ይዞራል። እናቴ ዳዊቷን አጥፋለች።

«…ና ተቀመጥ። የማን ልጅ ነህ?…»

ውሃ። እንደገና ብቅ ስል፦

«…ከዳባት። አባቴ ቄስ ወልደኢየሱስ…»

ውሃ።

«…የእናትህ አባትስ?…»

ውሃ። ሌላ ምልልስ። በጣቷ ትቈጥራለች። እሱ ጫማውን ጉልበቱ ላይ አድርጎ፣ ለፈተና እንደ ቀረበ ተማሪ፣ ስም ሲጠፋበት ሰማይ ያያል።

«…አምስት ቤት። ከዚያስ?…»

አርባውን ጨርሼ ነበር፤ ግን ላቋርጣቸው አልፈለግሁም። ዐሥር ጨመርሁ። ትከሻዬም ምንም አላለኝ። በመጨረሻ ድምፃቸው ሲቆም ወጣሁ፤ እናቴ ጋቢውን ደረበችልኝ።

«ሰባት ቤት ድረስ ቈጠርነው» አለችኝ። «በአንዱም አንዛመድም።»

እንዲህ ደስ ብሏት አይቻት አላውቅም። ለምን እንደቈጠረችው አልጠየቅኋትም።